ከመሪዎቹ ጎን የቆመው ሰው፦ የዉዲ ስትሮድ የፊልም ሕይወት

የፊልም ታሪክ በአብዛኛው የሚጻፈው በመሪ ተዋንያን፣ በዳይሬክተሮችና በስቱዲዮ ባለቤቶች ስም ነው፤ ነገር ግን ተመልካች ከዓመታት በኋላ የሚያስታውሳቸው ትዕይንቶች አንድ በአንድ ሲመረመሩ፣ ብዙዎቹን ተሸክመው የተገኙት ስማቸው በማስታወቂያው ሰሌዳ ግርጌ በትናንሽ ፊደል የታተመ፣ አንዳንዴም ጨርሶ ያልታተመ ሰዎች ናቸው። በሙያው አነጋገር እነዚህ ሰዎች የገጸ ባሕርይ ተዋንያን ይባላሉ፤ ይኸውም ታሪኩ የሚከተለውን ዋና ሰው ሳይሆን በዙሪያው ያሉትን አሽከር፣ ወታደር፣ ሽፍታ፣ ሽማግሌ ወይም ምስክር እየሆኑ የሚጫወቱ፣ በጥቂት ደቂቃ ውስጥም ያለፈ ሕይወትና የራሱ አሳብ ያለው ሙሉ ሰው ፈጥረው የሚወጡ ባለሙያዎች ማለት ነው። መሪ ተዋናይ ሰውየውን ለተመልካች ለማስተዋወቅ ሁለት ሰዓት ሲኖረው፣ የገጸ ባሕርይ ተዋናይ ያለው አንድ አካሄድ፣ አንድ አመለካከት፣ ቢበዛ ጥቂት ዐረፍተ ነገር ነው።

ከእነዚህ ባለሙያዎች መካከል፣ ከ1941 ጀምሮ እስከ ሞተበት እስከ 1994 ድረስ በካሜራ ፊት የቆመው ጥቁር አሜሪካዊ ዉዲ ስትሮድ የተለየ ጥናት ይገባዋል (በዚህ ጽሑፍ የተጠቀሱት ዓመታት ሁሉ እንደ ጎርጎርዮስ አቆጣጠር ናቸው)። ስሙን የሚያውቅ ተመልካች ጥቂት ነው፤ «አሥርቱ ትእዛዛት»ን፣ «ስፓርታከስ»ን ወይም የሰርጂዮ ሊዮኔን «አንድ ጊዜ በምዕራብ» ያየ ሰው ግን ፊቱን ያውቀዋል። ለአማርኛ አንባቢ ደግሞ ጉዳዩ ይበልጥ ይቀርባል፤ ምክንያቱም ስትሮድ ከነዚህ ፊልሞች በሁለቱ ላይ የቀረበው የኢትዮጵያ ሰው ሆኖ ነው፤ በአንዱ ንጉሥ፣ በሌላው ለሞት የሚታገል ባሪያ። ሆሊዉድ ለሃያ ዓመት ያህል ከእርሱ የፈለገው ግዙፍ አካሉን ብቻ ነበር። ዳሩ ግን ምርጥ የሚባሉት ፊልሞቹ ሲታዩ ታሪኩ በወሳኝ ሰዓት እርሱ ላይ ተንጠልጥሎ ይዞራል፤ ከዞረ በኋላም ያለ እርሱ ይቀጥላል። የሥራ ዘመኑን ለመረዳት ቁልፉ ይኸው ነው።

ከሜዳ ወደ ስቱዲዮ

ሙሉ ስሙ ዉድሮው ዊልሰን ዉልዋይን ስትሮድ ሲሆን የተወለደው ጁላይ 25 ቀን 1914 በሎስ አንጀለስ ነው። አባቱ ግንበኛ ነበሩ። ወጣቱ በከተማው በሚገኘው የካሊፎርኒያ ዩኒቨርሲቲ ገብቶ በአትሌቲክስ ዴካትሎንን፣ ማለትም አሥር ውድድሮችን አጣምሮ የያዘውን ከባድ ስፖርት፣ በቡድን ጨዋታ ደግሞ የአሜሪካ እግር ኳስን ተጫወተ። በ1936 የበርሊን ኦሎምፒክ ጊዜ ሁበርት ስቶዊትስ የተባለ ሠዓሊ የአሜሪካ አትሌቶችን ምስል ሥሎ በበርሊን ዐውደ ርእይ ሲያቀርብ፣ ከተሣሉት አንዱ ስትሮድ ነበር፤ ጥቁሮችና አይሁዳውያን ከነጮቹ ጋር እኩል የተሣሉበትን ይህን ዐውደ ርእይ ናዚዎች ዘጉት። ከዚህ ጊዜ ጀምሮ ሌሎች ሰዎች አካሉን እያዩ የየራሳቸውን አሳብ ይጭኑበት እንደነበር ልብ ይሏል፤ ለአንዱ የውበት መለኪያ፣ ለሌላው የሚጠፋ ነውር ነበረ።

በ1939 የዩኒቨርሲቲው ቡድን አንድም ጨዋታ ሳይሸነፍ የውድድር ዘመኑን ሲጨርስ፣ ከቡድኑ ምሰሶዎች መካከል ስትሮድ፣ ኬኒ ዋሽንግተንና ጃኪ ሮቢንሰን ይገኙ ነበር። ሦስተኛው በ1947 የቤዝቦልን የዘር አጥር ያፈረሰ ሰው ሆኖ በዓለም ታወቀ። ነገር ግን ከእርሱ አንድ ዓመት ቀድሞ፣ በ1946፣ ዋሽንግተንና ስትሮድ በብሔራዊ የእግር ኳስ ሊግ ውስጥ ተመሳሳይ አጥር አፍርሰው ነበር። ከ1934 እስከ 1945 ባሉት ዓመታት የቡድን ባለቤቶች ባልተጻፈ ስምምነት አንድም ጥቁር ተጫዋች አላሰለፉም። የራምስ ቡድን ከክሊቭላንድ ወደ ሎስ አንጀለስ ሲዛወር ግን በሕዝብ ገንዘብ የተሠራውን የኮሊሲየም ስታዲየም መከራየት ነበረበት፤ የጥቁር ጋዜጦች ጸሐፊዎችም የሕዝብ ሜዳ ጥቁር ተጫዋችን ለሚያገልል ቡድን ሊሰጥ አይገባም ብለው ተሟገቱ፤ በዚህ ግፊት ዋሽንግተን ተፈረመ፤ ስትሮድም ተከተለው። በወቅቱ 32 ዓመት የሞላው ስትሮድ በአንድ የውድድር ዘመን 4 ኳስ ብቻ ተቀብሎ በዓመቱ ተሰናበተ፤ ይህን ጊዜም ከሕይወቱ ዝቅተኛ ወቅቶች አንዱ አድርጎ ያስታውሰው ነበር። ወደ ካናዳ ተሻግሮ ከካልጋሪ ስታምፒደርስ ጋር የ1948ን ግሬይ ካፕ የተባለ ዋንጫ ማንሣቱና በባለሙያ ነጻ ትግል መድረክ ላይ ለዓመታት መታገሉ የኑሮ መደጎሚያ ሆነለት።

የትግሉ መድረክ የትወና ትምህርት ቤት ነበር ማለት ይቻላል። የባለሙያ ነጻ ትግል ድል አስቀድሞ የሚታወቅበት፣ ሆኖም ሕመሙና ድካሙ በሺህ ለሚቆጠር ተመልካች እስከ መጨረሻው ወንበር ድረስ መታየት ያለበት ትርኢት ነው፤ ታጋዩ ያለ ቃል፣ በትከሻውና በአንገቱ ብቻ ቁጣን፣ ንቀትንና ሽንፈትን መናገር ይማራል። ስትሮድ በድራማ ትምህርት ቤት አላለፈም። ኋላ በታላላቅ ዳይሬክተሮች ፊት ያሳየውን የዝምታ ችሎታ ያገኘበት ቦታ ሲፈለግ፣ ከዚህ መድረክ የተሻለ መልስ አይገኝም።

የጫካ ፊልሞች ዘመን

የመጀመሪያ የፊልም ሥራው በ1941 በወጣው «ሰንዳውን» ውስጥ፣ በእንግሊዝ ቅኝ ግዛት በኬንያ የሚያገለግል አፍሪካዊ ፖሊስ ሆኖ የታየበት፣ ስሙ በዝርዝሩ ያልተጻፈበት ጥቂት ደቂቃ ነው። ከዐሥር ዓመት በኋላ ፕሮዲዩሰሩ ዋልተር ሚሪሽ ሲታገል አይቶት ወደ ካሜራ መልሶ አመጣው፤ ሥራው በ1951 በወጣው «ዘ ላየን ሀንተርስ» ላይ አፍሪካዊ ተዋጊ መሆን ነበር። ይህ ፊልም የጫካ ፊልም ከሚባለው ወገን ነው፤ በካሊፎርኒያ ስቱዲዮ ውስጥ በተተከሉ ዛፎች መካከል የሚቀረጽ፣ በአነስተኛ ገንዘብና በጥቂት ቀናት የሚጠናቀቅ፣ ነጭ ጀግና በስም በሌላቸው አፍሪካውያን መካከል ጀብዱ የሚሠራበት የፊልም ዓይነት። በዚህ ዓለም ውስጥ ጥቁር ተዋናይ ጦር ይይዛል፣ ሸክም ይሸከማል፣ ከበሮ ሲመታ ይሸሻል፤ ቋንቋው ትርጉም የሌለው ድምፅ ነው፤ የመጣበት አገር በካርታ ላይ አይገኝም።

ቴሌቪዥን ሲስፋፋም ሥራው ከዚህ ብዙ አልራቀም። «ራማር ኦቭ ዘ ጃንግል» በተባለው ተከታታይ ፊልም የጫካ ሰው፣ በ1954 ለሙከራ በተሠራው «ማንድሬክ» ደግሞ የአስማተኛው ኃይለኛ ረዳት ሎታር ሆኖ ታየ። የቴሌቪዥን ተከታታይ ፊልም የሚሠራው ቋሚ ተዋንያን በየሳምንቱ ከአዲስ እንግዳ ተዋናይ ጋር እየተገናኙ በመሆኑ፣ የገጸ ባሕርይ ተዋናይ ኑሮውን የሚገፋው በዚህ የአንድ ሳምንት እንግድነት ነው፤ ሰኞ ተቀጥሮ ዓርብ ይሰናበታል፣ በሚቀጥለው ወር ደግሞ በሌላ ጣቢያ ሌላ ስም ይሰጠዋል። ስትሮድም በዚህ መንገድ እስከ 1960ዎቹ መጨረሻ ከ«ባትማን» እስከ «ታርዛን» ባሉት ተከታታዮች ውስጥ እየገባ ወጥቷል። ከነዚህ ሁሉ ለብቻው መነሣት የሚገባው በጃንዋሪ 1961 የታየው የ«ሮውሃይድ» ክፍል ነው፤ በዚህ ክፍል ታሪኩ የተሠራው እርሱ በተጫወተው ጥቁር የፈረሰኛ ወታደር ላይ ሲሆን፣ እንግዳው ለአንድ ሰዓት ያህል ባለቤት ሆኗል።

የኢትዮጵያ ንጉሥ

በ1956 ሴሲል ቢ. ደሚል «አሥርቱ ትእዛዛት»ን ሲያወጣ፣ ስትሮድ በፊልሙ ውስጥ ሁለት ቦታ ነበረው፤ በአንድ በኩል የፈርዖንን ልጅ ቢትያን አልጋ ከሚሸከሙት አንዱ፣ በሌላ በኩል የኢትዮጵያ ንጉሥ። አንድ ተዋናይ በአንድ ፊልም ውስጥ ባሪያም ንጉሥም ሆኖ መታየቱ፣ ስቱዲዮዎቹ ጥቁር ተዋናይን እንደ ልብስ ማንጠልጠያ ያዩበትን ዘመን በግልጽ ያሳያል፤ ተመልካቹ ይለየዋል ብሎ የሠጋ አልነበረም።

የንጉሡ ትዕይንት የሚመጣው ሙሴ፣ ገና የግብፅ መስፍን ተብሎ ሲኖር፣ ከኢትዮጵያ ዘመቻ ተመልሶ በፈርዖን ሴቲ አዳራሽ በሚቀርብበት ጊዜ ነው። ይህ ዘመቻ በኦሪት ውስጥ የለም፤ ደሚልና ጸሐፊዎቹ የወሰዱት በአንደኛው መቶ ክፍለ ዘመን ከነበረው አይሁዳዊ የታሪክ ጸሐፊ ከፍላቪዩስ ዮሴፉስ መጽሐፍ ሲሆን፣ እርሱም ሙሴ በኢትዮጵያ ላይ እንደዘመተና ታርቢስ የምትባለውን የንጉሥ ልጅ እንዳገባ ይተርካል። ታሪኩ የተነሣው በኦሪት ዘኍልቁ ምዕራፍ 12 ላይ ሙሴ ኢትዮጵያዊት ሴት ማግባቱ ከተጠቀሰበት ቦታ ሳይሆን አይቀርም፤ ይህን ክፍል የኢትዮጵያ ምእመናን ጠንቅቀው ያውቁታል። እዚህ ላይ አንድ ማብራሪያ ያስፈልጋል። የጥንት ግሪኮችና ሮማውያን ኢትዮጵያ ሲሉ በተለይ ከግብፅ በስተ ደቡብ፣ በዓባይ ሸለቆ ያለውን የኩሽን ምድር ማለታቸው ስለነበር፣ ፊልሙ የሚያሳየው መንግሥት በዛሬው የአገር ድንበር የሚለካ አይደለም።

ትዕይንቱ ግን ትኩረት የሚስበው በሌላ ምክንያት ነው። በአዳራሹ የሚጠበቀው ምርኮኛ ንጉሥ በሰንሰለት ተጎትቶ እንዲሰግድ ሲሆን፣ ሙሴ ግን ኢትዮጵያን ያመጣት የግብፅን ደቡባዊ በር የምትጠብቅ ወዳጅ አድርጎ እንደሆነ ይናገራል። ስትሮድ ከእኅቱ ጋር ገብቶ ይቆማል፤ የሚናገረው እጅግ ጥቂት ነው። ዙሪያው በወርቅ፣ በላባና በሠራዊት የተሞላ አዳራሽ ሆኖ ሳለ፣ ቀጥ ብሎ በመቆሙ ብቻ የተሸነፈ ሳይሆን የመጣ ሰው መሆኑን ያሳያል። የጫካ ፊልም ለዓመታት ያልፈቀደለትን ይህን ነገር ደሚል በሁለት ደቂቃ ሰጠው፤ ፊልሙም ንጉሡን ከዚያ በኋላ አያነሣውም።

ድራባ

የስትሮድ ከፍተኛ ሥራ በ1960 የወጣው የስታንሊ ኩብሪክ «ስፓርታከስ» ነው። ጽሑፉን ያዘጋጀው ዳልተን ትራምቦ በኮሙኒስትነት ተወንጅሎ ከዐሥር ዓመት በላይ በስሙ እንዳይሠራ ታግዶ የነበረ ጸሐፊ ሲሆን፣ ፕሮዲዩሰሩና መሪ ተዋናዩ ኪርክ ዳግላስ ስሙን በይፋ እንዲጻፍ አድርጓል። ስትሮድ የተጫወተው ኢትዮጵያዊ ተብሎ የተዋወቀውን ድራባን ነው፤ ድራባ በሮማውያን የግላዲያተር ማሠልጠኛ ውስጥ ሌላውን ባሪያ ገድሎ ወይም በሌላው ተገድሎ ሕዝብን እንዲያዝናና የተገዛ ሰው ነው። መሣሪያው መረብና ባለ ሦስት ጫፍ ጦር ነው፤ ይህን የያዘው ተዋጊ በላቲን ሬቲያሪየስ ይባላል፣ በፊልሙ ተቃራኒው ደግሞ አጭር ሰይፍና ትንሽ ጋሻ ይይዛል።

ድራባ ገና በመጀመሪያ ለስፓርታከስ ስሙን ሊነግረው እንደማይፈልግ፣ ግላዲያተሮች ወዳጅ እንደማያበጁ፣ በሜዳ ከተገናኙ መግደል እንዳለበት ይነግረዋል። ከዚህ በኋላ የሚናገረው ከቁም ነገር የሚቆጠር አይደለም። ከሮም የመጡ ባለጸጎች ለመዝናናት ሁለት ጥንድ ባሮች እስከ ሞት እንዲዋጉ ሲጠይቁ፣ ከእንግዶቹ አንዷ ድራባን በአካሉ ትመርጠዋለች። ስፓርታከስና ድራባም የመጀመሪያዎቹ ጥንዶች እስኪጨርሱ ድረስ በጠባብ የእንጨት ክፍል ውስጥ ፊት ለፊት ተቀምጠው ይጠብቃሉ። ካሜራው ከክፍሉ አይወጣም ለማለት በሚያስደፍር ሁኔታ እዚያው ይቀራል፤ የውጪው ግድያ የሚደርሰን በሳንቃው ስንጥቅና በድምፅ ነው። ስፓርታከስ ዓይኑን ያሸሻል። ድራባ ግን ያየዋል፤ ከዚያም በከንፈሩ ጥግ፣ ማጽናኛም ስንብትም ሊባል የሚችል እጅግ ትንሽ ፈገግታ ያሳያል። ኩብሪክ በዚያ ዕድሜው ካነሣቸው ምስሎች ሁሉ ይህ ፊት የሚስተካከለው ጥቂት ነው።

ውጊያው ሲጀመር ከላይ በሰገነት የተቀመጡት ባለሥልጣናት ስለ ሹመት ይጫወታሉ። ድራባ ያሸንፋል፤ ጦሩን በስፓርታከስ ጉሮሮ ላይ ደግኖ ይቆማል፤ ከሰገነቱም እንዲገድለው ይታዘዛል። ይህን ጊዜ ፊቱ ላይ የሚነበበው ቁጣ አይደለም። አንድ ሰው ዕድሜ ልኩን ሲታዘዝ ኖሮ በድንገት ትእዛዙ ከየት እንደመጣ ዞሮ ሲያይ የሚኖረው ዓይነት ግልጽነት ነው። ጦሩን ወደ ሰገነቱ ይወረውርና ግድግዳውን ለመውጣት ይዘልላል፤ ጠባቂ ከኋላው ይወጋዋል፤ ላውረንስ ኦሊቪዬ የተጫወተው ክራሰስ ደግሞ ጭራሽ ሳይረበሽ አንገቱን በጩቤ ይቆርጠዋል። አስከሬኑም ባሮቹ በሚያድሩበት ሕንፃ ውስጥ ተዘቅዝቆ ይሰቀላል፤ ለሌሎች ትምህርት እንዲሆን ታስቦ።

ከዚህ በኋላ ያለው ፊልም ሁሉ፣ ማለትም ዐመፁ፣ ሠራዊቱ፣ ወደ ባሕር የሚደረገው ጉዞና መጨረሻው ስቅለት፣ የተነሣው ከዚያ እምቢታ ነው። ስፓርታከስ ከሮም ጋር ለመዋጋት በሕይወት የተረፈው ኢትዮጵያዊው ስላልገደለው ነው፤ መግደል እንደማያስፈልግም ያሳየው እርሱ ነው። ከሦስት ሰዓት በላይ የሚፈጀው ፊልም በዚህ ማጠፊያ ላይ ተንጠልጥሎ የሚዞር በር ነው። ስትሮድ ለጎልደን ግሎብ ሽልማት በረዳት ተዋናይነት ታጨ፤ አላሸነፈም። ኦስካሩን በዚሁ ፊልም ያገኘው፣ ድራባን የገዛውን የባሪያ ነጋዴ የተጫወተው ፒተር ዩስቲኖቭ ነው። የዩስቲኖቭ ችሎታ አያጠያይቅም፤ ቢሆንም ፊልሙን የሚያስታውስ ሰው በመጀመሪያ የሚያስታውሰው የማንን ፊት እንደሆነ መጠየቅ ተገቢ ነው።

በጆን ፎርድ ካሜራ ፊት

በዚያው በ1960 ጆን ፎርድ «ሰርጀንት ራትሌጅ»ን አወጣ። የዌስተርን፣ ማለትም የኢትዮጵያ ተመልካች የካውቦይ ፊልም የሚለው ወገን፣ ታላቅ አባት የሚባለው ፎርድ በዚህ ፊልም ያነሣው ከእርስ በርስ ጦርነቱ በኋላ በ1866 በአዋጅ ከተቋቋሙት የጥቁሮች ክፍለ ጦሮች አንዱን፣ ዘጠነኛውን ፈረሰኛ ነው። ሰርጀንት ብራክስተን ራትሌጅ ነጭ ልጃገረድን ደፍሮ በመግደልና አዛዡን አባቷን በመግደል ተከስሶ በጦር ፍርድ ቤት ይቀርባል። ስቱዲዮው እንደ ሲድኒ ፖይቲየር ወይም ሃሪ ቤላፎንቴ ያለ የታወቀ ተዋናይ ይፈልግ እንደነበር፣ ፎርድ ግን ለዚህ ሰው የሚያስፈልገው ጥንካሬ ያለው ስትሮድ ነው ብሎ እንደተከራከረለት ስትሮድ ራሱ ተናግሯል።

የፊልሙ አሠራር ግን ስለ ዘመኑ ብዙ ይናገራል። ታሪኩ የሚነገረው በምስክሮች ቃል ነው፤ አንዱ ሲናገር ያለፈው ይታያል፣ ሌላው ሲናገር ሌላ ገጽታ ይገለጣል፤ ስለዚህ ተከሳሹ የፊልሙ ርእስ ሆኖ ሳለ ለብዙ ጊዜ በሌሎች አፍ የሚተረክ ሰው ሆኖ ይቆያል። በማስታወቂያውም የመጀመሪያው ስም ጠበቃውን የተጫወተው የጄፍሪ ሀንተር ነበር። ራትሌጅ አንድ ጊዜ ማምለጥ ችሎ ሳለ፣ ጓዶቹ ወደ አድፍጦ ወጊ እየሄዱ መሆናቸውን ሲያይ ተመልሶ ያስጠነቅቃቸዋል። በችሎቱ ለምን እንደተመለሰ ሲጠየቅ ክፍለ ጦሩ ቤቱም ነጻነቱም እንደሆነ፣ ጥሎት ቢሸሽ ራሱን ሊያከብር እንደማይችል ይመልሳል። ሳይንቀሳቀስ በመጽናት የሚታወቀው ተዋናይ በዚህ ቦታ ድምፁ ይሰበራል፤ ያለ ቃል ሃያ ዓመት ያሳለፈ ሰው ቃል ሲሰጠው ምን ማድረግ እንደሚችል የታየበት ትዕይንት ይህ ነው። ስትሮድ በዚህ ፊልም በፈረስ ወንዝ የሚሻገርበትን ምስል ዕድሜ ልኩን በኩራት ያነሣው ነበር፤ ከዚያ በፊት ጥቁር ሰው እንደ ጆን ዌይን በግርማ ሞገስ ሲጋልብ በፊልም አይቶ እንደማያውቅ፣ በዚያ ወንዝ ላይ ዘሩን ሁሉ እንደተሸከመ ሆኖ እንደተሰማው ገልጿል።

በ1962 በወጣው የፎርድ «ሊበርቲ ቫላንስን የገደለው ሰው» ውስጥ የስትሮድ ቦታ እንደገና አሽከርነት ሆነ። ጆን ዌይን የተጫወተው የቶም ዶኒፎን ታማኝ ረዳት ፖምፒ፣ ጀምስ ስቱዋርት በሚያስተምርበት የመንደር ትምህርት ቤት ውስጥ ከሕፃናት ጋር ተቀምጦ ይማራል፤ ተነሥቶ የአሜሪካን የነጻነት መግለጫ በቃሉ ሲል፣ ሰዎች ሁሉ እኩል ሆነው መፈጠራቸውን የሚናገረው ቃል ይጠፋዋል። መምህሩም ይህን ክፍል የሚረሳው ሰው ብዙ እንደሆነ ይነግረዋል። ፊልሙ የወጣው የዜጎች መብት ትግል በተፋፋመበት ወቅት ስለነበር ማንም ትርጉሙን አልሳተውም። በዚሁ ፊልም፣ በጨለማው ጎዳና ላይ ሽፍታውን ሊበርቲ ቫላንስን የሚገድለውን ጠመንጃ ለዌይን የሚወረውርለት ፖምፒ ነው፤ ምስጢሩን ከሚያውቁት ጥቂት ሰዎች አንዱ ሆኖ፣ ዝናው ለሌላ ሰው ሲሰጥ ዝም ይላል፤ በመጨረሻም በጌታው የሬሳ ሣጥን አጠገብ ተቀምጦ ይገኛል። ስትሮድ ለፎርድ በአጠቃላይ አራት ፊልም ሠርቷል። ዳይሬክተሩ ታምሞ በደከመበት ጊዜም አብሮት እየኖረ አስታሞታል።

የሪቻርድ ብሩክስ «ዘ ፕሮፌሽናልስ» በ1966 ሲወጣ ስትሮድ ከአራቱ ቅጥረኛ ተዋጊዎች አንዱ ሆነ፤ ሌሎቹ በርት ላንካስተር፣ ሊ ማርቪንና ሮበርት ራያን ነበሩ። አሠሪው በመጀመሪያ ከጥቁር ሰው ጋር ለመሥራት ተቃውሞ ያለው እንዳለ ይጠይቃል፤ ጥያቄው ተንቆ ይታለፋል፣ ዳግመኛም አይነሣም። ባለ ቀስቱ ጄክ ሻርፕ ሙያውን የሚያውቅ፣ በጓዶቹ የሚታመን ሰው ነው፤ ይኸው ብቻ በዚያ ዘመን ትልቅ ነገር ነበር። ሆኖም በዋናው ማስታወቂያ ላይ ስሙ ከሦስቱ ጓዶቹ ተርታ አልተሰለፈም።

የጣሊያን ዓመታት

ስትሮድ የተመኘውን ምስል ያገኘው በአውሮፓ ነው። በ1968 የወጣው «አንድ ጊዜ በምዕራብ» በደቡብ ስፔን በረሓ በተሠራ የባቡር ጣቢያ ውስጥ ይጀምራል፤ መሣሪያ የያዙ ሦስት ሰዎች ባቡር ይጠብቃሉ፤ ንግግር የለም ለማለት ይቻላል። ሊዮኔ የነፋስ መዘውር ሲያቃስት፣ ዝንብ ጃክ ኢላም ፊት ላይ ሲያርፍ፣ አል ሙሎክ ጣቶቹን ሲያንቋቋ እያሳየ ደቂቃዎችን ይዘረጋል። ስትሮድ በራሱ ላይ ከጣራው ውኃ ይንጠባጠብበታል፤ አይነሣም፤ ባርኔጣውን አድርጎ ውኃው እንዲጠራቀም ይተወዋል፤ ባቡሩ ሲደርስ ባርኔጣውን አውልቆ ውኃውን ይጠጣል። ቅርብ ምስል፣ ማለትም ፊት ብቻ ሰፊውን መጋረጃ ሞልቶ የሚታይበት አነሣሥ፣ በሆሊዉድ ለመሪ ተዋናይ የሚቀመጥ ክብር ነበር። ሊዮኔ ግን ለሚሞት ወንበዴ ሰጠው። ስትሮድም በአሜሪካ ተነፍጎት የኖረውን እነዚህን ቅርብ ምስሎች ሲያይ እጅግ እንደተደሰተ መስክሯል። ቻርልስ ብሮንሰን ከባቡሩ ሲወርድ ተኩስ ይሆናል፤ ስትሮድ ይወድቃል፤ ከሁለት ሰዓት ተኩል በላይ የሆነው ፊልም ገና አሁን ይጀምራል።

በዚያው ዓመት ቫሌሪዮ ዙርሊኒ «በቀኙ የተቀመጠ» ብሎ በሠራው ፊልም ውስጥ ስትሮድ መሪ ተዋናይ ሆነ። ማውሪስ ላሉቢ የተባለው ገጸ ባሕርይ የተቀረጸው በጃንዋሪ 1961 የተገደለውን የኮንጎ መሪ ፓትሪስ ሉሙምባን መነሻ በማድረግ ነው። ላሉቢ ተይዞ ይገረፋል፣ ይሠቃያል፣ ከአንድ ሌባ ጋር ይታሰራል፤ ፊልሙ የክርስቶስን ሕማማት ጥላ በግልጽ ያጠላበታል። ኃይሉን ለማሳየት ሲቀጠር የኖረ አካል በዚህ ቦታ ኃይሉን የማይጠቀም ሰው ይሆናል፤ የሚታየው ትዕግሥቱና ንግግሩ ነው። ፊልሙ ለ1968ቱ የካን ፌስቲቫል ተመርጦ ነበር፤ ፌስቲቫሉ ግን በፈረንሳይ በተነሣው የግንቦት ዐመፅ ምክንያት ተቋረጠ። ከኢትዮጵያ ከተባረረች 27 ዓመት በሆናት በጣሊያን፣ አንድ አፍሪካዊ መሪ በአውሮፓ ቅጥረኞች እጅ የሚሠቃይ ሰማዕት ሆኖ መቅረቡ፣ የዙርሊኒን ድፍረት ከፍ አድርጎ ማየት የሚያስገድድ ነው።

ከዚህ በኋላ ያሉት የጣሊያን ፊልሞች እኩል አይደሉም፤ ብዙዎቹ በችኮላ የተሠሩ ናቸው። ከነዚህ ውስጥ በ1972 ፈርናንዶ ዲ ሊዮ የሠራው የማፍያ ፊልም «ላ ማላ ኦርዲና» ስትሮድን ከሄንሪ ሲልቫ ጋር የተላኩ ነፍሰ ገዳዮች ጥንድ ያደርገዋል። በ1976 በወጣው «ኬኦማ» ደግሞ ነጻ ከወጣ በኋላ በመጠጥ የወደቀ፣ ባንጆ የሚጫወት አሮጌ ሰው ሆኗል። ነጻነት አግኝቶ የሚያደርግበት ያጣውን ሰው ሐዘን ስትሮድ በዚህ ሥራ ያለ ማጋነን አሳይቷል፤ ፊልሙ ከዚህ የተሻለ ገጽ የለውም።

የመጨረሻዎቹ ዓመታት

ወደ አሜሪካ ተመልሶ የኖረበት ዘመን ለትልልቅ ሚና የሚበቃ አልነበረም፤ እዚህም እዚያም ሽማግሌ እየሆነ ታየ። በ1990 «ጎል ደስት» የተባለውን የሕይወት ታሪኩን ከሳም ያንግ ጋር ጽፎ አሳተመ። በ1993 ማሪዮ ቫን ፒብልስ ስለ ጥቁር ካውቦዮች «ፖሲ»ን ሲሠራ፣ ፊልሙን ለተመልካች የሚተርከው ሽማግሌ እንዲሆን የመረጠው እርሱን ነው፤ ቀድሞ በሌሎች ምስክርነት ይተረክ የነበረው ሰው በመጨረሻ ተራኪ ሆነ። የመጨረሻ ሥራው በሳም ራይሚ «ዘ ኩዊክ ኤንድ ዘ ዴድ» ውስጥ የሬሳ ሣጥን ሠሪው ቻርሊ ሙንላይት ነው። ዲሴምበር 31 ቀን 1994 በ80 ዓመቱ በሳንባ ካንሰር ሞተ፤ ፊልሙ በ1995 መጀመሪያ ሲወጣ መታሰቢያነቱ ለእርሱ ተደረገ። በዚሁ ዓመት መጨረሻ በወጣው የካርቱን ፊልም «ቶይ ስቶሪ» ውስጥ ያለው የካውቦይ አሻንጉሊት ዉዲ የተባለው በስትሮድ ስም ነው፤ በዓለም ዙሪያ ስሙን የሚጠሩት ሕፃናት ባለቤቱን አያውቁትም።

የፊልም ትወና የሚማሩ ወጣቶች፣ በአዲስ አበባም ሆነ በሌላ ቦታ፣ ብዙውን ጊዜ ረጅም ንግግር በማጥናት ይጀምራሉ። በካሜራ ፊት መቆምን፣ ማዳመጥንና መጠበቅን ለመማር ግን የስትሮድ ሥራ የተሻለ መምህር ነው። ይህን ሥራ ማወቅ የሚሻ አንባቢ «አሥርቱ ትእዛዛት» ውስጥ ከንጉሡ ትዕይንት ይጀምር፤ ቀጥሎ «ስፓርታከስ» ውስጥ የእንጨት ክፍሉን ይይ፤ ከዚያ «ሰርጀንት ራትሌጅ»ን ከመጀመሪያ እስከ መጨረሻ ይመልከት፤ የዙርሊኒን ፊልም የሚያገኝበት ዕድል ካለም አያሳልፈው።